የኩናው የመጨረሻ ቅብ

ተዋናዩ ሌበሬኽት ኩናው በርሊን ዳር ባለው የድምፅ አልባ ፊልም መቅረጫ፣ መልበሻ ክፍሉ ውስጥ ሶፋ ላይ ሞቶ የተገኘው ከረፋዱ አራት ሰዓት ላይ ነው። ጉንጩም ከንፈሩም በቀይ ተቀብቷል። በዘጠና ፊልሞች ገዳይና ንፉግ ሽማግሌ እየሆነ ከተማውን ያስፈራ ሰው በሞቱ ቀን ሙሽራ መሰለ።

«በትራስ ታፍኖ ነው» አለ ሐኪሙ።

የፖሊስ መርማሪው ኮሚሳር ቶለ ትራሱን አንስቶ ሁለቱንም ገጽ አገላብጦ አየ።

«ሁለት ተኩል ላይ ሳየው ገና አልተቀባም ነበር» አለ ዳይሬክተሩ ዛስ። «መቀባቱ ግማሽ ሰዓት ይፈጃል። ስለዚህ እስከ ሦስት ሰዓት በሕይወት ነበር። ከሦስት በኋላ የገባችው ኢዳ ብቻ ናት። እኔና ሲሰ ከሦስት ጀምሮ አዳራሽ ውስጥ አብረን ነበርን።»

ኩናውን ለአሥር ዓመት ያለበሰችው ኢዳ ፖመር እጇ በካቴና ታስሯል። ከተፈረደባት አንገት የሚቆርጠው መጥረቢያ ይጠብቃታል።

«መጋረጃው ተዘግቶ ነበር፤ የተኛ መስሎኝ ሾርባውን አስቀምጬ ወጣሁ» አለች።

«ወንድሜን በላችብኝ!» አለ ቫልደማር ሲሰ። የኩናው የድሮ የመድረክ ባልደረባ ነው፤ ከሮስቶክ ቴአትር ከመጣ ሦስት ቀኑ ነው፤ ካሜራ ፊት ገና አልቆመም፤ ልቅሶው ግን እስከ መጨረሻው ወንበር ይሰማል።

«ያሳዝናል» አለ ቶለ። «አቀባቡ የራሱ ነው?»

«የራሱ ነው እንጂ! ጉንጩን ደመቅ ማድረግ ሮስቶክ እያለንም ልማዱ ነበር።»

ኢዳ ቀና ብላ ሲሰን አየችው። ቶለም እሷን አየ፤ ከዚያ ሁሉንም አዳራሹ ውስጥ ሰበሰበ።

«ትራሱ ንጹሕ ነው» አለ። «እንዲህ የተቀባ ፊት ታፍኖበት ቢሆን ቀለም ይነካው ነበር። ስለዚህ ሰውየው የተቀባው ከሞተ በኋላ ነው። ለምን? ከሦስት ሰዓት በኋላ የሞተ እንዲመስል። ይህ የሚጠቅመው ከሦስት በኋላ ምስክር ያለውን ሰው ነው፤ ወይ ዛስን፣ ወይ ሲሰን። አቶ ዛስ፣ ቀይ ቀለም ፊልም ላይ ምን ሆኖ ይወጣል?»

«ጥቁር። ፊልማችን ቀይን አያይም፤ ቀይ ጉንጭ ጉድጓድ ይመስላል። እኛ ቢጫ ነው የምንቀባው።» ዛስ ግንባሩን መታ። «እኔ እኮ መቀባቱን እንጂ የቀለሙን ዓይነት መች ልብ አልኩ! ዛሬ የሚጫወተው ደግሞ ወፍራም ዳቦ ጋጋሪ ነበር።»

«ይህን እዚህ የሚሠራ ሁሉ ያውቃል። የማያውቀው ከመድረክ የመጣው ብቻ ነው» አለ ቶለ።

ጅራፍ ራሱ ገርፎ ራሱ ይጮኻል የሚባለው እንዲህ ላለው ነው። የሲሰ ልቅሶ ቀጥ አለ።

«መቀባት ያስተማርኩት እኔ ነኝ» አለ። «ወደ ፊልም ሲሄድ ከመድረክ ወደ ባዛር ትርኢት ወረደ ብለን ሳቅንበት። አሁን ተርቤ መጥቼ አንዲት ትንሽ ሚና ለመንኩት። ‹እዚህ የሚናገረው ፊት ነው፤ ያንተ ፊት ደግሞ ምንም አይናገርም› አለኝ።»

ፖሊሶቹ ወሰዱት። የኢዳ እጅ ተፈታ፤ እሷ ግን ወደ ቤቷ አልሄደችም።

«ጌታዬ፣ ላጥበው? እንዲህ ሆኖ ሰው ቢያየው ያፍራል።»

«ይጠቡት፣ ወይዘሮ ኢዳ።»

ውሃ ልትቀዳ ሄደች። ከጠዋት ጀምሮ የያዘችው እንባ ባልዲው ሳይሞላ መጣ።