የከንቲባው አውራ ጣቶች

ኢንስፔክተር ፈንታነሽ ከብቸና ተጠርታ ዋርካ ሜዳ ስትደርስ፣ ከንቲባ ታደለ በማዘጋጃ ቤቱ የሲሚንቶ ደረጃ ግርጌ በጀርባው ተንጋሎ ነበር። ከጧቱ ሁለት ሰዓት ተኩል ሆኗል። ሰውየው ያን ዕለት ደብረ ማርቆስ ሄዶ የዞን ሹመቱን ሊቀበል፣ ሙሉ ልብሱን ለብሶ ከረባቱን አስሯል። የራስ ቅሉ ከኋላ ተሰንጥቋል፤ ፊቱ ግን የተኛ ሰው ፊት ነው። ፈንታነሽ በሃያ ዓመት አገልግሎቷ ወድቆ የሞተ ብዙ ሰው አይታለች። እንዲህ ዓይኑን ጨፍኖ አፉን ገጥሞ የጠበቃት ግን አልነበረም። ነገሩ ከበዳት።

ለከተማው ሳጅን ጉዳዩ አልቋል፤ የቀረው ወረቀት መጻፍ ብቻ ነው። ምክትል ከንቲባው የኔሰው በካቴና ታስሮ ግቢው ውስጥ ተቀምጧል፤ ሸሚዙ ደም በደም ሆኗል። ከንቲባው ወንበሩን ለሌላ ሰው ሊያስረክብ መሆኑን ሰምቶ፣ ትናንት በስብሰባ መካከል «በቁሜ ሸጥኸኝ! ይቺን ሹመት አታገኛትም!» ብሎ ሲጮህ ያልሰማ የለም።

«የሟች ወንድም ደምለው ጠመንጃውን ይዞ ከሞጣ ተነሥቷል» አላት ሳጅኑ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ደሙን ሳይመልስ አይቀብርም። የኔሰውን ቢያጣ እንኳ ሁለት ልጆቹን አያጣም።»

ፈንታነሽ ከእስረኛው አጠገብ ቁጢጥ አለች።

«ተጣልተናል፤ አልክድም» አለ የኔሰው። «አንድ ሰዓት ላይ ልታረቀው መጣሁ። ወድቆ አገኘሁት። ላነሣው ስል ነው ደሙ የነካኝ።»

«ዓይኑን የጨፈንኸው አንተ ነህ?»

«ተጨፍኖ ነው ያገኘሁት! የተኛ መስሎኝ በስሙ ጠራሁት እኮ።» እንባው መጣ። «ልጆቼን፣ እመቤቴ... ቤቴ ያውና ከመንገዱ ማዶ። ልጆቼን አስጠብቂልኝ።»

ሁለት ፖሊስ ወደ ቤቱ ላከችና ወደ አስከሬኑ ተመለሰች። የጤና ጣቢያው ሐኪም «ወዲያው ነው የሞተው» ብሏታል። እጆቹን አገላበጠች። በሁለቱም አውራ ጣቶች ዙሪያ ቀጭን መስመር ሰርጉዷል፤ በቀኙ ጥፍር ሥር አጭር ነጭ ክር ተሰክቷል። ጫማውን አስወለቀች። በእግሮቹ ጣቶች ላይ ምንም የለም። ክሩን በጣቷ አሸችው፤ ወፍራም የእጅ ፈትል ነው። በወረቀት ጠቅልላ ኪሷ ከተተችው።

በሩ ላይ የሰባ ዓመቱ ጥበቃ ጋሽ ምንይሉ ጋቢያቸውን ተከናንበው ቆመዋል።

«ምን አዩ፣ ጋሽ ምንይሉ?»

«ምን አያለሁ ልጄ? ከዚህ በር ንቅንቅ አላልሁ። የኔሰው ሲጮህ ሰማሁ እንጂ። ሬሳ ያስፈራኛል፤ አልቀረብሁም።»

ሽማግሌው ሲናገሩ እሷን አያዩም። የሚያዩት ከበሩ ፊት ለፊት የተዘረጋውን ሰፊ አስፋልት ነው። ታደለን ለዞን ያሳጨው ይኸው መንገድ ነበር። ሲሠራ የሚካኤልን መካነ መቃብር ለሁለት ሰንጥቆ አልፏል፤ አጥንቱ በጆንያ ተሰብስቦ «በክብር ያርፋል» ተብሎ ነበር። የት እንዳረፈ ግን የሚናገር አልተገኘም።

እኩለ ቀን ላይ የሟች ሚስት ወይንእሸትና ደምለው ከሞጣ ገቡ። ወይንእሸት ለእናቷ ማኅበር ሄዳ እዚያው አድራ ነበር።

«ሰሞኑን እንዴት ነበር?» አለቻት ፈንታነሽ።

«እንቅልፍ የለውም። "ይጠሩኛል" ይለኝ ነበር።»

«እነማን?»

«ከመቃብራቸው ያስነሣቸው» አለች ወይንእሸት፣ ነጠላዋን አፏ ላይ ጭና።

ከውጭ ለቀስተኛ ሴቶች ይጣራሉ፦ «ምንይሉን ጥሩት እንጂ! እሱ እያለ ሌላ ማን ይገንዛል? ሠላሳ ዓመት የዚህን አገር ሙት የገነዘ እሱ አይደል?»

ፈንታነሽ ቀና አለች። ወዲያው ሁሉንም አዳራሹ ውስጥ ሰበሰበች። ደምለው «ጠመንጃህን አስቀምጥ» ቢባል አሻፈረኝ ብሎ፣ ዓይኑን የኔሰው ላይ ተክሎ ቆመ።

«ሟች ወዲያው ነው የሞተው» ብላ ጀመረች። «ስለዚህ ዓይኑን የጨፈነለት፣ አፉን የገጠመለት ሌላ ሰው ነው። ያ ሰው፣ ሙት እንደሚገነዝ፣ አውራ ጣቶቹን በክር አስሯል። ወደ እግሩ ሳይደርስ ኮቴ ሰማና ክሩን በጥሶ ይዞት ሄደ።»

«ገድሎ የሚገንዝ ማን አለ?» አለ ደምለው።

«እጁ የለመደ ሰው ነዋ! ንዴቱ ከበረደ በኋላ እጁ ወደ ልማዱ የሄደበት። ክሩ ደግሞ የጋቢ ፈትል ነው። የኔሰው ሱፍ ነው የለበሰው፤ አንተና ወይዘሮ ወይንእሸት ሞጣ ነበራችሁ። ጧት እዚህ ግቢ ጋቢ የለበሰ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ እሱም ሬሳ እፈራለሁ አለኝ። ሠላሳ ዓመት ሙት የገነዘ ሰው ሬሳ ይፈራል? ጋሽ ምንይሉ፣ የጋቢዎን ጫፍ ያሳዩኝ።»

ሽማግሌው ጫፉን ገለጡ። አንድ ክር ተመዞ ተበጥሷል።

«ልጄ ባንቺዓለም ሚካኤል ግቢ ነበረች» አሉ። «አንድ ናት፤ በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው የቀበርኋት። አጥንቷን የት እንዳደረሰው እንዲነግረኝ ሁለት ዓመት ለመንሁት። ነገ፣ ነገ ይለኛል። ዛሬ ሊሄድብኝ ሆነ፤ ደረጃው አፍ ላይ ያዝሁት። "ጆንያው ሁሉ ከጠጠሩ ጋር መንገዱ ውስጥ ተሞልቷል፤ አስፋልቱ ሥር ናት፤ እርሳት" አለኝ። ገፋሁት። ዓይኑ ፍጥጥ ብሎ ቀረ። እንዲያ ትቼው መሄድ አቃተኝ።»

ወደ ደምለው ዞሩ። «ይህን ሰው ላስበላው ነበር፤ እግዜር ይቅር ይበለኝ። የኔሰውን ተወው፣ ልጆች አሉት። እኔ ደሜን የሚጠይቅ ዘመድ የለኝም።»

ደምለው ጠመንጃውን ወደ ሽማግሌው አዞረ። ፈንታነሽ እመሃል ገባች።

«አስፋልቱ ሥር ማለቱ እውነት ነው?» አለ ደምለው፣ ወይንእሸትን እያየ።

«እውነት ነው። ለዚያ ነው የማይተኛው።»

ደምለው መሣሪያውን ዝቅ አድርጎ ወንበር ላይ ዘፍ አለ። ወንድሙን ከልቡ ይወድ ነበር፤ አፍሮበትም አለቀሰ።

ፈንታነሽ ሽማግሌውን ወደ ፖሊስ መኪናው ስትወስዳቸው ቆም አሉ። «ልጄ፣ በመኪና አትውሰጂኝ። እሷ ላይ ነው የሚነዳው።» ሾፌሩን ከአስፋልቱ ማለቂያ እንዲጠብቃት አዘዘችውና፣ ክንዳቸውን ይዛ በቦዩ ዳር በእግር ሄዱ።

የኔሰው ካቴናው እንደተፈታለት ወደ ቤቱ ሮጠ። ልጆቹ ከማዶ ሆነው «አባዬ!» እያሉ ይጠሩታል። አስፋልቱ ጫፍ ላይ ሲደርስ ግን እግሩ እንቢ አለው። ደጋግመው ጠሩት። ጫማውን አወለቀ፣ በእጁ ያዘና ቀስ ብሎ ተሻገረ።