በዘጠኝ ሰዓት ከሩብ የፈቀደው እጅ

ሻምበል ሀያም የተጠራችው ገዳይ እንድትፈልግ አልነበረም፤ እንድትፈርም ነበር።

«መዝገቡ አልቋል» አላት ኮሎኔሉ፣ ወረቀቶቹን በጠረጴዛው ላይ ወደ እሷ እየገፋ። «ሟች ረካን፣ የሃያ ስድስት ዓመት ወጣት። ዓርብ ከቀኑ አሥር ሰዓት ተኩል ላይ፣ ጣሪያ ላይ ባለው ክፍሉ ውስጥ፣ ኮምፒውተሩ ፊት እንደተቀመጠ ከኋላው በብረት ተመቶ ተገኘ። ገዳዩ ጎረቤቱ ቁተይባ ነው። ረቡዕ ዕለት መንገድ ላይ ተሰዳድበዋል። ዓርብ ደግሞ ለአሥር ሰዓት አሥር ጉዳይ ሲሆን በውጭው ደረጃ ሲወርድ ታይቷል። ሌላ ምን ትፈልጊያለሽ?»

«አምኗል?»

«የትኛው ገዳይ ያምናል? ፈርሚ። ነገ ማክሰኞ ቀትር ላይ፣ ከቅዳሜ ንጋት የተቆጠረው ሦስት ቀን ከሲሶ ያልፋል።»

ኢርቢድ ከተማ ውስጥ ይህን የጎሳ ልማድ ማስረዳት አያስፈልግም። ሰው ሲገደል የሟች ወገን ሦስት ቀን ከሲሶ ከበቀል እጁን ይሰበስባል። ያ ሲያልፍ የገዳዩ ቤተሰብ፣ አሮጊትም ሕፃንም ሳይቀር፣ ቤቱን ጥሎ ከሰፈሩ ይወጣል። የረካን አባት አቡ ረካን ከቅዳሜ ጀምሮ የሚጮኸው ስለዚሁ ነው፤ የቁተይባ እናትና ወንድሞች ከመንገዱ እንዲጠፉ።

ሀያም መዝገቡን ገለጠች። «ሐኪሙ ከዘጠኝ ሰዓት በፊት ሞቷል ይላል።»

«ሐኪሙ ተሳስቷል። ልጆቹ ሲጫወቱ ነበር፤ ያ በኮምፒውተር የሚተኳኮሱበት ጨዋታ። ቁተይባ በዘጠኝ ሰዓት ከሩብ ልግባ ብሎ ጠየቀ፣ ረካን ፈቀደለት። ማሽኑ መዝግቦታል። የሞተ ሰው ይፈቅዳል እንዴ?»

«አይፈቅድም» አለች ሀያም። «ስለዚህ እርስዎ ሐኪሙን ጣሉት። እኔ ግን እንደዚህ ዓይነት ወረቀት ላይ ስሜን አላሳርፍም።»

«እስከ ነገ ቀትር!» ብሎ ጮኸባት። እሷም በሩን ሳትዘጋው ወጣች።

ኮሪደሩ ላይ አንዲት ጥቁር የለበሰች ሴት መንገዷን ዘጋች፤ የቁተይባ እናት ኡም ቁተይባ ናት።

«ፈራሚዋ አንቺ ነሽ?»

«ገና አልፈረምኩም፣ እናቴ።»

«ሠላሳ አንድ ዓመት እዚያ ቤት ኖሬያለሁ። የአቡ ረካን ሚስት በታመመች ጊዜ ልጆቿን አጥቤ ያበላሁ እኔ ነኝ። ዛሬ እሱ መስኮቴ ሥር ቆሞ ‹ውጪ› ይለኛል! ልጄ ገድሎ ከሆነ እኔው ራሴ እየጎተትኩ አመጣው ነበር። ይሄን ጻፊው!»

«እጽፈዋለሁ።»

የረካን ክፍል ሦስት ሜትር በአራት ነው። ወንበሩ ጀርባውን ለበሩ ሰጥቷል፤ ሄድፎኑ መሬት ላይ ለሁለት ተሰንጥቋል። የተመታበት ብረት የራሱ የክብደት ማንሻ ነበር። ሀያም በቤቱ ውስጥ ባለው ደረጃ ስትወርድ ከጣሪያው ሥር ያለው ፎቅ ላይ ቆም አለች። ለረካን ሰርግ ተጀምሮ ያልተጨረሰ ነው፤ በር የለውም፣ ግድግዳው አልተለሰነም። ከሶኬቱ አጠገብ አንድ የቀለም ባልዲ ተገልብጧል። ጣቷን አሳረፈችበት። ወለሉ ሁሉ አቧራ ነው፤ የባልዲው ቂጥ ላይ ግን አቧራ የለም።

«ሠራተኞች መቼ መጥተው ነበር?» ስትል ተከትላት የወረደችውን የሟች እኅት ጠየቀች።

«ከበጋ ወዲህ አልመጡም» አለች ሉጀይን። ዓይኗ አብጧል፤ ድምፅዋ ግን የልቅሶ ሳይሆን የቁጣ ነበር። «ሬሳውን ያገኘሁት እኔ ነኝ። ሻይ ይዤለት ስወጣ። እስከዛሬ ግን ማንም ምንም አልጠየቀኝም! ወንዶቹ ተሰብስበው ያወራሉ፣ እኔ ሰሃን አጥባለሁ።»

«እኔ እጠይቅሻለሁ። ረካንና ቁተይባ በምን ተጣሉ?»

«በእኔ። ቁተይባ ረካንን ሳያማክር እናቱን ለሽምግልና ልኮ አስጠየቀኝ። ረካን ‹እንዴት ከእኔ ትደብቃለህ፣ ጓደኛዬ አይደለህም ወይ?› ብሎ ሰደበው። ሐሙስ ግን በረደለት። ‹ዓርብ ወደ ጨዋታው ይመጣል፤ ትንሽ ደጅ አስጠናውና አስገባዋለሁ› ብሎኝ ሳቀ።»

«ሌላ የጠየቀሽ አለ?»

ሉጀይን ደረጃውን ወደ ታች ተመለከተች። «የአጎቴ ልጅ ዙሀይር። ሁለት ጊዜ። አልፈልግም አልኩ። እሱ ‹የአጎት ልጅ እያለ ባዳ አይቀድምም› አለ። አባቴ ዝም አለ። ‹እኅቴ አልፈለገችህም፣ በቃ› ያለው ረካን ብቻ ነው።»

በየዓርቡ ከረካን፣ ከቁተይባና ከዙሀይር ጋር የሚጫወተው አራተኛው ተጫዋች ኡባዳ መድኃኒት ቤት ይሠራል። ሀያም ስትገባ ደንበኛውን ጥሎ ወደ ጓዳ ወሰዳት።

«ቁተይባ አልገደለም፣ ሻምበል። እሱ እኮ በጨዋታው ውስጥ እንኳ የወደቀውን ሁሉ ሲያነሣ ነው የሚገደለው!»

«ጨዋታውን አስተምረኝ።»

«አራት ሆነን አንድ በር እንጠብቃለን፤ ጭራቆቹ ይመጣሉ፣ እንተኩሳለን። ሁሉ ነገር የሚሠራው ረካን ኮምፒውተር ላይ ነው። እኛ በየቤታችን ሆነን እየጠየቅን እንገባለን። እሱ በእጁ ‹ይግባ› የሚለውን ካልተጫነ ማንም አይገባም።»

«በራሱ አያስገባም?»

«በፊት ያስገባ ነበር። አንድ ቀን የማናውቀው ባለጌ ገብቶ እናቶቻችንን ሲሳደብ ዋለ፤ ከዚያ ወዲህ ረካን ቆለፈው።»

ሀያም አላመነችም። ኡባዳን በራሱ ኮምፒውተር ጨዋታውን እንደ ረካን ቆልፎ እንዲከፍት አድርጋ ከሌላ ኮምፒውተር ራሷ ልግባ ብላ ጠየቀች። «ባለቤቱ እስኪፈቅድ ይጠብቁ» የሚል ጽሑፍ ወጣ። ኡባዳ እጁን አጣምሮ ተቀመጠ። አምስት ደቂቃ፣ አሥር ደቂቃ። ጽሑፉ አልተነቃነቀም።

«በየሳምንቱ እቀርጻለሁ» አለ ኡባዳ፣ የዓርቡን ቪዲዮ እየከፈተ። የረካን ሳቅ ጓዳውን ሞላው፦ «ዙሀይር፣ ግራህን! ግራህን እያልኩህ፣ አንተ ድንጋይ!» ስምንት ሰዓት ከሠላሳ ስምንት ላይ ሳቁ መሐል ላይ ተቆረጠ። በጨዋታው ውስጥ ያለው የረካን ሰውዬ በሩ ሥር ጠመንጃውን እንደያዘ ቆሞ ቀረ።

«ለአሱር ሶላት የተነሣ መሰለን» አለ ኡባዳ። «ሁሌም ሳይናገር ነው የሚሄደው።»

«ዙሀይርም ቆሟል» አለች ሀያም።

«አዎ፣ አራት አምስት ደቂቃ። ‹ሞተሃል እንዴ?› ብዬ ስጮህበት አይሰሙም? ብቻዬን ተዋጋሁ። በኋላ ተመለሰ።»

«በዘጠኝ ከሩብም ቆሟል። ቁተይባ የገባ ጊዜ።»

ኡባዳ ወደ ስክሪኑ ተጠጋ። «እሱን አላስተዋልኩም።»

«ከየስሙ ጎን ያለችው ቁጥር ምንድናት?»

«ትእዛዛችን ረካን ኮምፒውተር እስኪደርስ የሚፈጅበት ጊዜ ናት። በሩቅ መስመር ስትመጪ ትበዛለች። የእኔ አርባ ሃምሳ ናት።»

«ያለፈውን ሳምንት አሳየኝ።»

አሳያት። ባለፈው ዓርብ ከዙሀይር ስም ጎን ሃምሳ ሰባት ነበር። በዚህኛው ሁለት። ሀያም ሁለቱን ደጋግማ አየች፤ ጥርሷን ነከሰች።

ዙሀይርን ያገኘችው ለቅሶ ቤቱ በር ላይ ነው። ረዥም፣ ሸሚዙ የተተኮሰ፣ እንግዳ ተቀባይ ሆኖ ቆሟል።

«እቤቴ ነበርኩ፣ እኅቴ። ከተማው ዳር ነው ቤቴ። በስምንት ሰዓት ገባሁ፣ በዘጠኝ ሰዓት ከሃያ ወጣሁ። ለአሥር ሃያ ጉዳይ ፀጉር አስተካካዩ ጋ ተቀምጫለሁ፤ ጠይቂው። ረካን ለዚያ ውሻ ሲፈቅድለት በዓይኔ አይቻለሁ። በሕይወት ነበረ!»

«ኢንተርኔትህን በቅርቡ ቀይረሃል?»

«አልቀየርኩም። ምነው?»

«እንዲሁ ነው። አላህ ያጽናችሁ።»

«የሚያጽናናን እነዚያ ሰዎች ከሰፈራችን ሲወጡ ነው» አለ ዙሀይር፣ ሌሎቹም እንዲሰሙት ድምፁን ከፍ አድርጎ።

ማክሰኞ ከቀትር በፊት የጎሳው አዳራሽ ሞልቷል። ሽማግሌው ሼኽ ፈንዲ መሐል ተቀምጠዋል። በቀኛቸው አቡ ረካን፣ ከጎኑ ዙሀይር። ሀያም ኡባዳን፣ ሉጀይንንና ኡም ቁተይባን አስከትላ ስትገባ ጉምጉምታ ተነሣ።

«ሴቶቹ እዚህ ምን ያደርጋሉ?» አለ ዙሀይር።

«አንዷ ከቤቷ ልትባረር ነው፤ ሌላዋ ወንድሟ ተገድሎባታል። ካንተ ይበልጥ ያገባቸዋል» አለች ሀያም። «ሼኽ፣ ሩብ ሰዓት ይስጡኝ።»

«ተናገሪ፣ ልጄ።»

«ሐኪሙ ረካን ከዘጠኝ በፊት ሞቷል ይላል። ቪዲዮው ደግሞ ሳቁ የተቆረጠበትን ደቂቃ ያሳያል። ስምንት ከሠላሳ ስምንት። ሄድፎኑ የተሰነጠቀው በዚያ ምት ነው። ሆኖም በዘጠኝ ከሩብ ላይ በዚያ ኮምፒውተር አንድ እጅ ‹ይግባ› ብሎ ተጭኗል። እጁ የረካን ካልሆነ የማን ነው?»

«የቁተይባ ነዋ!» አለ አቡ ረካን።

«ቁተይባ በዚያች ደቂቃ ጠያቂው ነበር፤ እቤቱ፣ ከገዛ ኮምፒውተሩ። አንድ ሰው ውጭ ሆኖ እያንኳኳ ውስጥ ሆኖ አይከፍትም። ኡባዳም አይደለም፤ ሲተኩስና ሲሳደብ አንድ ደቂቃ እንኳ እጁን አላሳረፈም። ማን ቀረ?»

«እኔ እቤቴ ነበርኩ!» አለ ዙሀይር። «ከከተማው ዳር ድረስ እጄን ልዘርጋ?»

«እቤትህ ስትሆን ቁጥርህ ሃምሳ ሰባት ናት። ዓርብ ዕለት ሁለት ነበረች። ሁለት የምትሆነው ላፕቶፕህ ከረካን ኮምፒውተር ጋር በአንድ ቤት ዋይፋይ ሲገናኝ ነው። የአጎትህ ቤት ዋይፋይ ቤተኛ ስለሆንክ ያውቅሃል፤ ሳትጠይቀው ራሱ ተገናኘልህ፣ አንተም ልብ አላልክም። ዛሬ ጠዋት የዋይፋዩን ማሽን አስከፍቼዋለሁ፤ ላፕቶፕህ ከስምንት ሰዓት ከሁለት እስከ ዘጠኝ ከሃያ ሁለት ተመዝግቧል። ያልተጨረሰው ፎቅ ላይ በባልዲ ላይ ተቀምጠህ ስትጫወት ቆየህ። ከዚያ ወጣህ፣ ፊቱን አዙሮ እየሳቀ ያለውን ልጅ መታህ፣ ወርደህ ጨዋታህን ቀጠልክ።»

«ኧረ አንቺ...!»

«አልጨረስኩም! በዘጠኝ ከሩብ የቁተይባ ጥያቄ ሲመጣ፣ ላፕቶፕህን ትተህ ወደ ላይ ወጣህና ፈቀድክለት። ረካን እንዳልሞተ እንዲመስል፤ በኋላም የፀጉር አስተካካዩ ወንበር እንዲያድንህ። ያ ምስኪን ጓደኛው የፈቀደለት መስሎት፣ ታርቄያለሁ ብሎ ደስ ብሎት ጨዋታው ሲያልቅ ሊያቅፈው በውጭው ደረጃ ወጣ። አንኳኳ፣ የሚከፍት የለም፤ ወረደ። እናንተም እሱን ያዛችሁ።»

አቡ ረካን ቀስ ብሎ ወደ ዙሀይር ዞረ። «አንተ ልጅ፣ ውሸት ነው በል።»

ዙሀይር ሉጀይንን እያየ ነበር። «ረካን ለጎረቤት ሊሰጣት ነበር!» ብሎ ጮኸ። «ደሜን ትቶ! የእኔን መብት! አንተስ ዝም ያልከው መብቴን ስለምታውቅ አይደለም?»

«እኔ ያንተ መብት አይደለሁም!» አለች ሉጀይን። አንድም ሰው ዝም በይ አላላትም።

ሁለት ፖሊሶች ዙሀይርን ሲወስዱት የነካው አልነበረም። ከወጣ በኋላ ከኋላ ረድፍ አንድ ሰው «ታዲያ አሁን የሚለቀው ማነው?» ሲል ጠየቀ።

ሼኽ ፈንዲ ወደ አቡ ረካን ዞሩ። «በደንቡ የገዳዩ ወገን ነው። የገዳዩ አያትና የሟቹ አያት ግን አንድ ናቸው። አቡ ረካን፣ አሳዳጁም ተሳዳጁም አንተ ሆነሃል። በዚህ ላይ የምፈርደው ፍርድ የለኝም።»

አቡ ረካን ተነሣ። በአዳራሹ ርዝመት ተራምዶ ኡም ቁተይባ ፊት ቆመ። እጁን ዘረጋ፣ መልሶ ሰበሰበው።

«ይቅር በይኝ፣ ኡም ቁተይባ።»

«አልልም» አለች። «ዛሬ አልልም። ቁልፌን ጨምድጄ አራት ሌሊት አላንቀላፋሁም። የልጅህን ሞት አለቅስልህ ነበር፤ ለልቅሶ እንኳ ፋታ አልሰጠኸኝም። ልጄ የት ነው?»

«ጣቢያ ነው» አለች ሀያም። «ኮሎኔሉ እያስፈታው ነው።»

«እኔ ሄጄ አመጣዋለሁ» አለ አቡ ረካን። «መኪናዬ በር ላይ ናት። አንቺ እዚህ ቆዪ።»

«መኪናህ ውስጥ አልገባም፤ እዚህም አልቆይም። በእግሬ እሄዳለሁ፤ በዚያው ውጪ ባልከኝ መንገድ። መምጣት ከፈለግህ ከኋላዬ ትሄዳለህ።»

ሻርፗን አጥብቃ ወጣች። ቀትር ሆኖ ሱቆቹ ሁሉ ክፍት ነበሩ፤ ሰው በየበሩ ቆሟል። አቡ ረካን ባዶ እጁን ወደ ጎን ጥሎ፣ ሦስት እርምጃ ያህል ከኋላዋ ተከተላት። እሷም አንድ ጊዜ እንኳ ዞራ አላየችውም።