የኦቦ ጉርሙ መዳፍ

«አላገባህም አላልኩም! መጽሐፉ ሳያልቅ አላገባም ነው ያልኩት!»

«መጽሐፍ እኮ ነው ወርቅቱ፣ የጌዶ ዳገት አይደለም! መቼ ነው የሚያልቀው?»

«በቀን አንድ ገጽ ነው የምንሄደው።»

«ስንት ቀረ?»

«ሁለት መቶ አስር።»

ጂራ በጣቱ መቁጠር ጀመረ። የእጁ ጣት አልቆበት ወደ ጫማው ሲያይ ወርቅቱ ሳቋ አመለጣት።

«አትሳቂ! እስከዚያ እኔም እንደ አባትሽ ዓይኔ ይጠፋል።»

ሳቁ ከፊቷ ላይ ወረደ። ጂራ ምላሱን ቢነክስም ቃሉ ወጥቷል።

«ካገባሁህ አምቦ ትወስደኛለህ» አለችው ቀስ ብላ። «ከዚያ አባቴን ማን ያናግረዋል?»

«ታዲያ ምን ላድርግ? ወንድ ልጅ ሚስቱ ቤት ጠቅልሎ ሲገባ የት አይተሻል? ወንድሞቼ ዘፈን ነው የሚያወጡብኝ!»

«እኔ ምን አውቃለሁ። መጽሐፉ ይለቅና እናያለን። የመጽሐፉ ሴትዮ መጨረሻዋ ምን እንደሚሆን ሳላውቅ የትም አልሄድም።»

«ገልጠሽ መጨረሻውን እዪዋ!»

«አላይም። አብረን ነው የምንሄደው፣ እኔና አባዬ።»

ነገሩ እንዲህ ነው። ኦቦ ጉርሙ ጉደር ላይ ሃያ ዓመት ያስተማሩ ሰው ናቸው። የከተማው ግማሽ ፊደል የቆጠረው በእሳቸው አርጩሜ ነው። ጂራም ተማሪያቸው ነበር፣ እስከ ሦስተኛ ክፍል። ከዚያ አንድ ቀን በትምህርት ቤቱ አጥር ዘሎ ወጣ፤ እንደወጣም ቀረ።

መጀመሪያ የኦቦ ጉርሙ ዓይን ጠፋ፤ ሁለት ዓመት ሳይሞላ ጆሯቸውም ተከተለ። የቀራቸው አንደበት ነው። እሱም ራሱን ስለማይሰማ ወይ ይጮኻል ወይ ያንሾካሹካል፣ መሀል የለውም። «ሽንቴ መጣ!» ሲሉ ከድልድዩ ማዶ ይሰማል።

ሚስታቸው ሞታለች። የምታበላቸው የምታጠጣቸው እህታቸው ጉዴ ናት፤ ጉዴ ግን ፊደል አልቆጠረችም። ስለዚህ የዓለም ወሬ ወደ ኦቦ ጉርሙ የሚገባው በወርቅቱ ጠቋሚ ጣት ብቻ ነው። መዳፋቸውን ይዘረጋሉ፣ እሷ አንድ አንድ ፊደል ትጽፋለች፣ እሳቸው ይገጣጥማሉ። ዘዴውን ያገኘችው ከአባቷ ሳጥን ካወጣችው፣ ሽፋኑ ከወለቀ መጽሐፍ ነው። ማየትም መስማትም የማትችል የአንዲት ባሕር ማዶ ሴት ታሪክ ነው። ሴትየዋ መጥረጊያ እያሰረች ትኖራለች፤ እህቷ መዳፏ ላይ እየጻፈች ታጫውታታለች። ወርቅቱ ይህንኑ መጽሐፍ ከሰዓት ከሰዓት በረንዳ ላይ ተቀምጣ አባቷ መዳፍ ላይ ትጽፋለች። አንድ ገጽ አንድ ሰዓት ይፈጃል።

ጂራ ደግሞ የጋሽ ወሰኑ አውቶቡስ ረዳት ነው። ከአምቦ ጌዶ፣ ከጌዶ አምቦ። ጉደር ላይ የሚቆሙት አስር ደቂቃ ነው። በዚያች አስር ደቂቃ አውቶቡሱ ጣራ ላይ ወጥቶ ጆንያ እያወረደ ወደ በረንዳው ያያል። ጎንበስ ያለ አንገቷን፣ ጆሮዋ ላይ የወደቀ ጸጉሯን፣ ያቺን ቀስ እያለች የምትሄድ ጣት። በሽማግሌ መዳፍ የሚቀና ሰው አይታችሁ ታውቃላችሁ? ጂራ ቀና። የስንቱን ጆንያ በሰው ጭንቅላት ላይ አወረደው!

«እኔንም አስተምሪኝ» አላት አንድ ቀን።

«ዓይንህን ጨፍን።»

ጨፈነ። ጣቷ መዳፉ ላይ ስትሄድ ከእግር ጥፍሩ እስከ ራሱ ተሰማው። «ጂ» ነበር የጻፈችው፣ ወዲያው አወቀው።

«አልገባኝም። ድገሚው።»

ደገመችው።

«አሁንም አልገባኝም።»

አራት ጊዜ ጻፈችለት። በአምስተኛው ቆነጠጠችው።

«ማሎ! ምን አጠፋሁ?»

«ዓይንህን ጨፍነህ እየሳቅክ ነው፣ አንተ ሌባ!»

ክረምቱ ሲገባ ወርቅቱ ለመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ተመደበች። ቦታው ሸነን፣ ጊዜው ሦስት ወር። እምቢ አይባልም። በዚያው ሳምንት የአውቶቡሱ ካምቢዮ ጉደር ድልድይ አጠገብ ተሰበረ። ጋሽ ወሰኑ መለዋወጫ ሊለምን አዲስ አበባ ሄደ፤ ጂራ መኪናውን ሊጠብቅ ቀረ።

የምትሄድ ቀን መጽሐፉን እጁ ላይ አኖረችው። መቶ ሰላሳ ገጽ ቀርቶታል።

«በቀን አንድ። እንዳትዘል።»

«እኔ?»

«አንተ። አጥር የዘለልከው ሰውዬ።»

ሌላ ነገር ልትል አፏን ከፈተች፤ የዘመቻው መኪና ጡሩንባ ነፋ። አፏን ዘግታ ሄደች። ጂራ ያንን ያልተባለ ነገር ሦስት ወር ሙሉ ሲያላምጥ ከረመ።

የመጀመሪያ ቀን ኦቦ ጉርሙ ጣቱን ጨበጥ አድርገው አሸተቱት።

«የማን ጣት ነው ይሄ? ግሪስ ግሪስ ይላል!» ሰፈሩ ሁሉ ሰማ።

«ጂራ» ብሎ ጻፈ።

«አጥር ዘላዩ?»

«አዎ።»

ሽማግሌው ትንሽ አሰቡ። መዳፋቸውን ግን አልሰበሰቡም።

ከዚያ ዝናብ፣ ቆርቆሮ፣ ሁለት ወንድ በረንዳ ላይ። ጂራ አንዱን ቃል አንብቦ እስኪያልፍ ላቡ ይወርዳል። እሷ የምትቀመጥበት በርጩማ ላይ አይቀመጥም፣ መሬት ላይ ይቀመጣል። በርጩማው ባዶውን ሲታይ የሆነ ሰው ውሃ ሊቀዳ ሄዶ አሁን የሚመለስ ይመስላል። ከሸነን በሰው እጅ ብጣሽ ወረቀት መጣች፦ «አባዬ ደህና ነኝ። ጭቃው ጉልበቴ ድረስ ነው። ለዚያ ሰው መዳፉን አደራ በልልኝ።» ጂራ የመጨረሻዋንም አደራ ሳያስቀር ለአባቷ ጻፈ፤ ጆሮው ግን ቀላ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ግሪስ ሲነካ ግራ እጁን ኪሱ ይከታል፣ እሷ የጻፈችበት እጅ ነዋ።

አንድ ቀን ገጹ መሀል ላይ ጣቱ በራሱ ጊዜ «ናፈቀችኝ» ብሎ ጻፈ። እንዲህ የሚል ቃል መጽሐፉ ውስጥ የለም። ደንግጦ እጁን ሊስብ ሲል ኦቦ ጉርሙ ጣቱን ጨበጡት። ያ ነጎድጓድ ድምፃቸው ጠፋና በሹክሹክታ፣

«እኔንም» አሉ።

እንደዚያ ተያይዘው ዝናቡ እስኪያባራ ተቀመጡ።

ችግሩ የመጣው በማግስቱ ነው። አዲስ ምዕራፍ ገለጠ፤ የሴትየዋ እህት ባል ይመጣላታል። ታገባና ትሄዳለች። ሴትየዋ መዳፏን ዘርግታ ቀኑን ሙሉ ትቀመጣለች፤ ማንም አይጽፍላትም። ጂራ ገና መዳፋቸው ላይ ሳይጽፍ ይህን ለራሱ አነበበና እጁን ሰበሰበ። ይህን ካወቁማ ልጃቸውን ለማን ይሰጣሉ? የምዕራፉን ገጽ ቆጠረ፣ አርባ ነው። ዙሪያውን አየና፣ እንደ ድሮው አጥር፣ ሆጵ!

የሚቀጥለውን ምዕራፍ ጀመረ። ኦቦ ጉርሙ ከንፈራቸውን ትንሽ አነቃነቁ።

ወርቅቱ በመስከረም መጣች። ጠቁራለች፣ ከስታለች፣ ዓይኗ ብቻ ጨምሯል። ጉዴ ስላለች አልተቃቀፉም። ጂራ መዳፉን ዘረጋ፤ «መጣሁ» ብላ ጻፈችለት። የዚያን ቀን ድገሚው አላለም።

«መጽሐፉስ?»

«አለቀ።»

«በዘጠና ቀን መቶ ሰላሳ ገጽ?»

«አንዳንድ ቀን… ሁለት ሁለት እንሄድ ነበር።»

ጫማውን እያየ ነው ያላት። እሷም አመነችው፤ ይህ ነው በኋላ የቆጨው።

እሁድ ከአዲስ አበባ የተመለሰው ጋሽ ወሰኑ ወርቅቱን ለጂራ ሊጠይቅ ሁለት ሽማግሌ አስከትሎ መጣ። በወጉ ሙሽሪት ጓዳ ናት፣ ሙሽራው ከነጭራሹ አይገኝም። ጋሽ ወሰኑ ተነስቶ ዘንጉን ተደግፎ የዘር ሐረግ ቆጠረ፣ ምርቃት አወረደ፣ ተረት ጨመረ። ኦቦ ጉርሙ ዝንብ እሽ ይላሉ።

«ለማን ነው የምትናገረው?» አለች ጉዴ። «ለግድግዳው?»

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። በከተማው ውስጥ እኚህን ሰው ማናገር የሚችሉት ሁለት ሰዎች ናቸው፤ አንዷ ጓዳ መደበቅ ያለባት፣ አንዱ እዚህ መድረስ የሌለበት።

«ያንን አጥር ኋላ ያለውን ጥሩት» አለች ጉዴ። «ጫማው ይታየኛል።»

ጂራ ገባ። ተንበርክኮ መዳፋቸውን ያዘ። «ወርቅቱን ይስጡኝ» ብሎ ጻፈ።

«መጽሐፉ አልቋል ወይ?» ጮኹ ኦቦ ጉርሙ።

«አልቋል።»

«ሁሉም?»

ወርቅቱ ከጓዳ ወጥታ በሩ ላይ ቆማለች። ጂራ በአፉ ቢሆን ኖሮ ይዋሽ ነበር፤ ለአፉ ማን ብሎት። መዳፍ ላይ ግን አልሆንለት አለ። «አርባ ገጽ ዘልያለሁ» ብሎ ጻፈ።

ወርቅቱ የጣቱን አካሄድ ከሩቅ አነበበችው። ፊቷ ዓመድ ሆነ።

«ለምን?» አሉ ኦቦ ጉርሙ።

«እህትየዋ አግብታ ትሄዳለች። ፈራሁ» ብሎ ጻፈ።

«አውቃለሁ! ይህን መጽሐፍ ዓይኔ ሳለ ሦስት ጊዜ አንብቤዋለሁ!»

ወርቅቱ ሮጣ መጥታ ሌላኛውን መዳፍ ይዛ ጻፈች። «ታዲያ ለምን በየቀኑ ታስጽፈኛለህ?»

ኦቦ ጉርሙ ድምፃቸው ወረደ። «ያለሱማ ‹ብላ›፣ ‹ተኛ› ብለሽኝ ነበር የምትሄጂው፣ ልጄ። መጽሐፉ አንድ ሰዓት ያቆይሻል። ሲያልቅ ደግሞ ትሄጃለሽ ብዬ ፈራሁ።»

ወርቅቱ አለቀሰች። እንባዋ መዳፋቸው ላይ ሲንጠባጠብ እሱንም እንደ ፊደል ዳሰሱት። ጋሽ ወሰኑ ኮፍያውን አወለቀ። ጂራ አንዴ እሷን፣ አንዴ እሳቸውን አየ። ይህችን ጣት ከዚህ መዳፍ ላይ ነቅሎ አምቦ የሚወስድበት ልብ አጣ። «ይቅር። አልወስዳትም» ብሎ ጻፈና ሊነሳ ሲል፣ ኦቦ ጉርሙ ኮሌታውን አንቀው፣ ድልድዩ ማዶ ያለው ገበያተኛ ሁሉ ዞር እስኪል ጮኹበት፦

«አንተ ደደብ! የዘለልከውን አንብበኸው ቢሆን፣ እዚያው ምዕራፍ መጨረሻ ላይ እኮ ባልየው ጠቅልሎ እነሱ ቤት ነው የሚገባው!»