የገዥው አንደበት

አስተርጓሚው ጆናስ ኩንቱ ከአኖማ ምሽግ ሥር፣ ማዕበሉ በሚልሳቸው ዐለቶች ላይ ወድቆ የተገኘው ሐሙስ ጠዋት ነው። አገረ ገዥው ሕዝቡን ሊሰናበቱ ሦስት ሰዓት ቀርቷቸዋል። መጀመሪያ ያዩት ዓሣ አጥማጆች ናቸው። የፖሊስ ኢንስፔክተሩ ያዕቆብ ኢሱማን ሲደርስ ግማሹ ከተማ ባሕሩ ዳር ቆሞ ያጉረመርም ነበር።

ጉዳዩ ጊዜ አይሰጥም። አገረ ገዥው ሰር ሬጂናልድ ፎስኬት የጎልድ ኮስት ሥራቸውን ጨርሰው በከሰዓቱ መርከብ ወደ ሲሎን ሹመታቸው ይሄዳሉ። ፊጂ ላይ በተራ ጸሐፊነት የጀመሩ ሰው ናቸው። ስማቸው የተነሣው ግን እዚሁ አኖማ፣ ከዐሥራ ስድስት ዓመት በፊት የአውራጃ ሹም ሳሉ ነበር፤ የወንዝ ማዶው ንጉሥ ጫካቸውን ሁሉ ለእንግሊዝ መንግሥት የሰጡበትን ውል ያስፈረሙት እሳቸው ናቸው። ከዚያ ወዲህ ሹመት በሹመት ላይ ተደራረበላቸውና ባሃማስን፣ ትሪኒዳድን አዳርሰው ገዥ ሆነው ተመለሱ። በዚያ ውል ቀን መሐል ቆሞ የተረጎመው ኩንቱ ነበር።

ኢሱማን ሬሳው አጠገብ ተንበረከከ። አንገቱ ተሰብሯል። መነጽሩ ባንድ ጆሮው ላይ ተንጠልጥሎ ቀርቷል። ኢሱማን ሰውየውን ከቤተ ክርስቲያን ያውቀዋል፤ መነጽሩን የሚያደርገው መዝሙር ሲያነብ ብቻ ነው፤ አድርጎት ከተራመደ ያደናቅፈዋል። የመነጽሩ ማኅደር ኮቱ ኪስ ውስጥ ባዶውን ተገኘ። ወረቀት ግን በእጁም፣ በኪሱም፣ በዐለቱም ላይ የለም።

የሟቹ ሚስት አራባ መረብ ክምር ላይ ተቀምጣለች። አላለቀሰችም፤ ጣቶቿ ግን የመረቡን ቋጠሮ ይፈታሉ፣ መልሰው ይቋጥራሉ።

«የበቆሎ ክንኪውንም ዓሣውንም አልነካም» አለችው። «‹አራባ፣ ዛሬ ከተናገርኩ በኋላ እበላለሁ› ብሎኝ ወጣ።»

«ምን ሊናገር ነበር?»

«እኔ ሚስቱ እንጂ ቄሱ አይደለሁም። ሦስት ቀን ሙሉ እንቅልፍ አልነበረውም፤ ያን አውቃለሁ።»

የምሽጉ ዘበኛ ከሰሜን የመጣ ሐውሳ ስለሆነ የአገሩን ፋንቴ ቋንቋ አይሰማም። ቢሆንም ዐይኑ ደህና ነው። ኖራ ቀቢዎቹ ከወጡ በኋላ ምሽጉ ውስጥ ከኩንቱ ሌላ ገዥውና ክፍላቸው ውስጥ አብረዋቸው ያሉት ሁለት ሰዎች፣ የገዥው ጸሐፊ ሚስተር ፔል እና የወንዝ ማዶው ንጉሥ አፈ ቀላጤ ሽማግሌው ኤዱፉል ብቻ እንደነበሩ ተናገረ። ሽማግሌውና ኩንቱ ግንቡ ላይ ተጯጩኸዋል። ከዚያ ሽማግሌው በትረ ሥልጣኑን ይዞ ወርዷል፤ ኩንቱ ከላይ ቀርቷል።

ፔል ከፊጂ ጀምሮ ገዥውን የተከተለ፣ ሁለት ጊዜ በአገሩ ኖሮ አንዲት የፋንቴ ቃል አላውቅም እያለ የሚኩራራ ሰው ነው። ኢሱማን ሲገባ ሻንጣ ያስራል፣ ይፈታል።

«ሽማግሌውን እሰረው» አለ ቀና ሳይል። «በጆሮዬ ሰምቼዋለሁ። ‹ዛሬ ትሞታለህ› ብሎ ዛተበት።»

ኢሱማን ቃሉን ጻፈ። የስንብቱን ንግግር እንዲተረጉም ለኩንቱ ሰጥቶት እንደሆነ ጠየቀው። ፔል አልሰጠሁትም፣ ይኸው ከትናንት ጀምሮ ጠረጴዛዬ ላይ ነው አለ። ኢሱማን ወረቀቱን አነሣ። ጠርዙ ላይ የኖራ እድፍ አለ። ለስንብቱ ሲባል የግንቡ ዙሪያ ገና በዚያው ዕለት ማለዳ ነበር ኖራ የተቀባው፤ አልደረቀም። ወረቀቱን መልሶ አስቀመጠ።

ገዥው ክፍላቸው ውስጥ ከግድግዳ ግድግዳ ይመላለሳሉ። ከንጋት ጀምሮ ከፀጉር አስተካካያቸውና ከፖሊስ አዛዡ ተለይተው እንደማያውቁ ሁለቱም መሰከሩላቸው። ኢሱማን የኩንቱን ስም ሲያነሣ ቆም አሉ፤ ወዲያው መመላለሳቸውን ቀጠሉ።

ኤዱፉልን ከዛፍ ጥላ ሥር አገኘው። ሽማግሌው መጯጯሃቸውን አልካደም።

«ምን አሉት፣ አባቴ?»

«‹ዛሬ ውሸቱ ይሞታል› አልኩት። ሕዝቡ ፊት እውነቱን ሊያወጣ ምሎልኝ ነበር፤ ግንቡ ላይ ስናወራ ጉልበቱ ከዳው። ላደፋፍረው ጮኽኩበት።»

አራት ሰዓት ላይ ኢሱማን ሁሉንም በገዥው አዳራሽ ሰበሰበ፤ ለኤዱፉልና ለአራባ እያንዳንዱን ቃል በፋንቴ እየመለሰ ተናገረ። ከውጭ ከበሮው ይደልቃል።

«ኩንቱ የሞተው እያነበበ ነው» ብሎ ጀመረ። «መነጽሩ ይናገራል። የሚነበበው ወረቀት ግን ጠፋ፤ ገዳዩ ወስዶታል። ክቡር ገዥው ከክፍላቸው አልወጡም። አባ ኤዱፉል ፊደል አያውቁም፤ ወረቀት ይዘውም አልመጡም።» ወደ ጸሐፊው ዞረ። «ሚስተር ፔል፣ ‹ዛሬ ትሞታለህ› የሚለውን በምን ቋንቋ ሰሙት?»

«በ... በእንግሊዝኛ ነው።»

ኤዱፉል ሲተረጎምለት ፈገግ አለ። «እንግሊዝኛ ብችል አስተርጓሚ ምን ያደርግልኝ ነበር?»

«እንግዲያው ከድምፁ ገምቼ ይሆናል» አለ ፔል።

«‹ዛሬ› እና ‹መሞት› ከድምፅ አይገመቱም። ያመለጠዎት መካከለኛው ቃል ብቻ ነው፤ የሚሞተው ውሸቱ ነበር። ፋንቴ ይሰማሉ፣ ሚስተር ፔል። ስለዚህ ኩንቱ ሊናገር ያሰበውንም ሰምተዋል። ሽማግሌው ሲወርዱ እርስዎ ዘበኛው በማያየው የውስጥ ደረጃ ወጡ፤ ‹ንግግሩን አንብብ› ብለው ሰጡት። ፊደል ላይ ያቀረቀረ ሰው የሚገፋውን አያይም። ወረቀቱን መልሰው ጠረጴዛዎ ላይ አኖሩት፤ የግንቡን ኖራ ግን አላዩትም።»

ፔል ወደ ገዥው ዞረ። «ሃያ ዓመት ሻንጣዎን ተሸክሜያለሁ። አንድ አስተርጓሚ አፉን ቢከፍት ሲሎንም፣ ስምዎም፣ እኔም አልቆልን ነበር። ለእርስዎ ነው ያደረግኩት።»

ኢሱማን ሽማግሌውን በዚያ ውል ቀን ንጉሡ ምን እንዳሉ ጠየቀው።

«‹በጫካችን እንደ እንግዳ ተመላለስ፤ አድን፤ ውሃውን ጠጣ› ነው ያሉት። ኩንቱ ‹ጫካው ያንተ ነው› ብሎ ተረጎመው። ማን እንዳዘዘው ግን እስከ ዛሬ አልነገረኝም።»

ኢሱማን ቃሉን ወደ እንግሊዝኛ መለሰው።

«እኔ ነኝ ያዘዝኩት» አሉ ሰር ሬጂናልድ። ወንበር ስበው ተቀመጡ። «ሠላሳ አራት ዓመቴ ነበር። ለሹመት ቸኩዬ ነበር።»

ፖሊሶች ፔልን ይዘውት ሲወጡ የፖሊስ አዛዡ ነገሩ መርከቧ እስክትሄድ እንዲታፈን በሹክሹክታ ለመኑ። ገዥው እጃቸውን አወናጨፉና ኢሱማንን አዩት።

«አስተርጓሚ የለኝም። ትተረጉምልኛለህ?»

«ያሉትን ብቻ ነው የምተረጉመው፣ ክቡርነትዎ። አልጨምርም፤ አልቀንስም።»

«እሱን ነው የምፈልገው።»

የተዘጋጀውን ንግግር ሳይዙ ወጡ። ሕዝቡ ፊት ቆሙ። ጫካው እንዳልተሰጣቸው፣ ውሉ ሐሰት እንደነበር፣ ኩንቱ የተገደለው ይህን እንዳይናገር እንደሆነ በአምስት ዐረፍተ ነገር ተናገሩ። ኢሱማን ተረጎመ። ሽማግሌዎቹ ጆሯቸውን አላመኑም፤ ድገመው አሉት። ሦስት ጊዜ ደገመው።

ሲሎን ለሌላ ሰው ተሰጠች። ሰር ሬጂናልድ ያለ ጡረታና ያለ ክብር ወደ አገራቸው ተመለሱ፤ ፔል ተፈረደበት፤ የጫካው ክስ ደግሞ ዘጠኝ ዓመት ፈጅቶ ግማሹ ብቻ ተመለሰ።

ያን ዕለት ግን፣ ሕዝቡ ገና ሳይበተን፣ ኤዱፉል ገዥውን አልፎ አደባባዩን አቋርጦ ሄደ። አራባ ፊት ሲደርስ የንጉሡን በትር ዝቅ አደረገላት።

«ልጄ» አላት፣ «ባልሽ ተናግሯል። አሁን እንቅበረው።»