ጠብቀው የሚለው ስም

ታላቁ ጦርነት በተነሣ በሁለተኛው ዓመት፣ የዝናቡ ወራት ሊወጣ ጥቂት ሲቀረው፣ ከከተማው በታች ወንዙን ይዞ በተሠራው የቆዳ ፋብሪካ ግቢ ውስጥ አንድ ሰው ጥሬ ቆዳ በሚዘፈዘፍበት የኖራ ቤት ግድግዳ ፊት ቆሞ ተረሸነ። ሰውየው የቆዳ ፋቂዎቹ አለቃ ነበር። የጦር ፍርድ ቤቱ ሻለቃ ያነበበው ፍርድ፣ ለጦሩ ጫማ የተዘጋጀውን ደህና ቆዳ ሰርቆ ሸጧል፤ በምትኩ ጥሬ ቆዳ አስገብቷል፤ ጫማውም ጭቃ ውስጥ ተፈረካክሶ አንድ ክፍለ ጦር በባዶ እግሩ ሲያፈገፍግ ተማርኳል የሚል ነበር። ጫማው መፈረካከሱ እውነት ነው፤ ክፍለ ጦሩ መማረኩም እውነት ነው። ውሸት የነበረው አጥፊው ማን እንደ ሆነ ብቻ ነበር።

ይህን ከሁሉ አስቀድማ የምታውቀው ሚስቱ ነበረች። እሷም በዚያው ፋብሪካ ላይኛው ፎቅ ጫማ ሰፊ ናት፤ በወስፌና በሰም በተቀባ ክር ቀኑን ሙሉ ስትወጋና ስትስብ ጣቷ እንደ ቀንድ የደነደነ፣ ቁመቷ አጠር፣ ንግግሯ ቁጥብ ያለ ሴት። ከጥቂት ወራት በፊት ባሏ አንድ ገበታ ቆዳ በትከሻው ተሸክሞ ወደ መስፊያው ክፍል ሲወጣ፣ ሠራተኛው ሁሉ "ጌታው" የሚለው ባለ ፋብሪካውም ሥራ ሊያይ እዚያው ቆሞ ነበር። ባሏ ቆዳውን ጠረጴዛዋ ላይ ዘርግቶ በካራ ሰነጠቀውና መሃሉን አሳየ።

"ይዩት ጌታዬ። ዳርና ዳሩ ብቻ ነው የቀላው፤ ሆዱ ገና ነጭ ነው። ይህ ቆዳ አልለፋም። ወደ ማልፊያው ጉድጓድ ይመለስና ቢያንስ እስከ በጋ ይቆይ።"

"ጦርነቱ ያንተ ቆዳ እስኪለፋ ቆሞ አያይህም" አለ ጌታው። "ስፉት።"

"ጌታዬ፣ ይህን እኮ የሚጫማው ሰው ነው።"

"ወታደር ነው የሚጫማው። አንድ ሳምንት ካገለገለው ምን ጎደለበት?"

ጌታው ይህን ሲል እሷ ወስፌዋን ሰም ውስጥ እንደ ሰካች ነበረች። መርማሪዎቹ በመጡ ጊዜ ጌታው ያንኑ የተሰነጠቀ ቆዳ አንሥቶ "የሾምኩት አለቃ እንዲህ አዋረደኝ" ብሎ አለቀሰ፤ ሠራተኛውም ለእንጀራው ፈርቶ ዝም አለ። እሷ ግን ሻለቃው ፊት ቀርባ የሰማችውን አንድ በአንድ ተናገረች። ሻለቃው ሆዷን አየት አድርጎ፣ "ሚስት ለባሏ ብትመሰክር ማን ይሰማታል? ሂጂ፣ ልጅሽን በሰላም ተገላገይ" አላት። ስድስት ወር ነፍሰ ጡር ነበረች።

የተገላገለችው በሠራተኞቹ መደዳ ቤት ውስጥ ነው። አዋላጇ አፏ የማያርፍ፣ እጇ ግን የተባረከ ሴትዮ ነበረች፤ ሕፃኑን አጥባ እየጠቀለለች፣ "ወንድ ነው እህቴ፤ ጩኸቱም የፋብሪካውን ፊሽካ ያስንቃል። ነገ እሱን አቁመው ሠራተኛውን ቢያስገቡበት ይበቃል" አለች። ከዚያም ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ "ማን እንበለው? አባቱ ያወጣለት ስም ነበር?" ብላ ጠየቀች።

እናቲቱ፣ "ጠብቀው" አለች።

"ጠብቀው? እንዲህ የሚባል ሰው በዚህ ሰፈር ሰምቼ አላውቅም። ግን ደግ ስም ነው፤ ጸሎት ነው። አዎ፣ ፈጣሪ ይጠብቀው እንጂ።"

እናቲቱ አላረመቻትም። ቃሉ ወደ ሰማይ ከተባለ በእርግጥ ጸሎት ነው፤ ይህን ልጅ ከክፉ ጠብቀው ማለት ነው። እሷ ግን የተናገረችው ወደ ሰማይ አልነበረም። የተናገረችው ለልጁ ነው፤ ያን ሰውዬ ጠብቀው፣ እስክታድግ ጠብቀው፣ ክንድህ እስኪጠና ጠብቀው፣ ከዚያ በኋላ አያምልጥህ ስትለው ነበር።

በሳምንቱ ጌታው ራሱ መጣ። ሚስቱ ከሞተች የቆየ፣ ልጅ ያልወለደ ሰው ነበር፤ ብርድ ልብስ በክንዱ ይዞ፣ ባርኔጣውን አውልቆ ዝቅ ባለው በር አጎንብሶ ገባ። የባሏ ጥፋት እሷን እንደማይነካት፣ ሥራዋም እንደሚጠብቃት ነገራትና ወደ ሕፃኑ ዞረ።

"ማን አልሽው?"

"ጠብቀው፣ ጌታዬ።"

"ጠብቀው።" ስሙን አፉ ውስጥ አገላበጠው። "ማነው የሚጠብቀው፤ ማንንስ ነው?"

"ልጄን ፈጣሪ ነዋ ጌታዬ። አባት የለው፤ ሌላ ማን ይጠብቅልኛል?"

ጌታው ሴትዮዋን ትኩር ብሎ አያት፤ ከዚያም ጣቱን ዘርግቶ ለሕፃኑ ሰጠው፤ ሕፃኑም ጨብጦ አልለቅም አለ። "ጥሩ ስም ነው" ብሎ ወጣ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን እሷ አላሰበችውም ነበር። ልጁ እግር ተክሎ ግቢው ውስጥ መሯሯጥ ሲጀምር ጌታው ወደ ቢሮው ያስጠራው ጀመር፤ ቀጥሎ በሠረገላው ይዞት ይወጣ፣ ቀጥሎም ከተማው ውስጥ አለ ከሚባለው ትምህርት ቤት አስገባው። እናቲቱ አልከለከለችም። ይቅረበው፤ የቤቱን በርና የጓዳውን መውጫ፣ የሰውየውን የሌሊት እንቅልፍና የቀን ፍርሃት ይወቅ ብላ በልቧ ፈቀደች። የልጁ አፍ ግን ጌታውን "አባባ" ማለት ጀመረ። ይህን በሰማች ቀን ወስፌው መዳፏን በስቶ ወጣ፤ ደሙን በሽርጧ ጠርጋ ስፌቷን ቀጠለች።

ልጁ አሥር ዓመት ሲሞላው አንድ ቀን ከትምህርት ቤት አልቅሶ መጣ። የሌባ ልጅ ብለውት ነበር። እሷ አፏን ልትከፍት ስትል እሱ ቀደማትና፣ "ግድ የለም እማዬ፤ አባባ ነግሮኛል። አባቴ አንድ ጊዜ ተሳሳተ እንጂ ክፉ ሰው አልነበረም ብሎኛል። እሱ ይቅር ብሎታል" አላት።

ያን ጊዜ እውነቱ ጉሮሮዋ ላይ ደርሶ ነበር። ነገር ግን የአሥር ዓመት ልጅ ምሥጢር አይይዝም፤ ሮጦ ሄዶ ይጠይቀዋል፤ ሰውየውም ሁለታችንንም ያጠፋናል ብላ ዋጠችው። አሥራ ስድስት ሲሞላው እነግረዋለሁ አለች፤ በአሥራ ስድስት ዓመቱ ደግሞ ሳቂታ ሆነባት፤ ፊቱን ሲያበራ አይታ ለሌላ ዓመት አስተላለፈችው። በኋላም ከጌታው ይልቅ ልጇን መፍራት ጀመረች። ቂሟን ግን አልጣለችውም፤ በየማለዳው ጌታው በግቢው ሲያልፍ ከመስፊያው መስኮት ቁልቁል እያየች፣ "እደግልኝ ልጄ፤ ጠብቀው" ማለቷ የቀን ሥራዋ መጀመሪያ ነበር።

ልጁ አድጎ የአባቱን ቦታ ያዘ፤ የቆዳ ፋቂዎቹ አለቃ ሆነ። ዓለምም ሁለተኛ ጊዜ ተዋጋ፤ ፋብሪካው እንደገና ለጦሩ ጫማ ሰፋ፤ ጌታው አርጅቶ በምርኩዝ የሚሄድ ሆነ። በጦርነቱ ማብቂያ መንግሥቱ ወደቀ፤ ተራቡ ተራቆቱ የተባሉት ወታደሮችም ከየግንባሩ እየተመለሱ፣ በጦርነቱ የከበሩትን ነጋዴዎችና ባለ ፋብሪካዎች ከየቤታቸው ይጎትቱ ጀመር። አንድ ማለዳ የጌታውን ቤት ሰበሩ፤ እሱ በጓዳው በር አምልጦ ወደ ፋብሪካው መጣና፣ ደረጃውን በአራት እግሩ ወጥቶ የመስፊያውን በር አንኳኳ። ውስጥ የነበረችው እሷ ብቻ ነበረች።

"ደብቂኝ" አላት።

አስገባችውና በሩን ቆለፈች፤ ቁልፉንም ሽርጧ ኪስ ከተተች። ከታች በግቢው መግቢያ ልጇ ከጥቂት ሠራተኞች ጋር ቆሞ ወታደሮቹን ሲያነጋግር፣ ሲያባብልና ሲገፋ ይታያል። ጌታው ወንበር ላይ ወድቆ ትንፋሹን ሰብስቦ፣ "ልጃችን በሩ ላይ ነው፤ ማንም አያልፈውም" አለ። "ስሙም ይኸው አይደል? ጠባቂዬ ነው።"

ሴትዮዋ መስኮቱ አጠገብ እንደ ቆመች፣ "ስሙ ጸሎት አይደለም" አለችው። "ልጄን አንተን እንዲጠብቅ ነው ያልኩት። አንተን አድፍጦ እንዲጠብቅ።"

ሠላሳ ዓመት ሊሞላ ምንም ሳይቀረው "እርስዎ" ስትለው ኖራ ያን ቀን "አንተ" አለችው። እሱ ግን አልደነገጠም፤ ምርኩዙን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ አያት።

"አውቃለሁ" አለ። "ያን ብርድ ልብስ ይዤ የመጣሁ ዕለት ነው ያወቅሁት። ዓይንሽ እየነገረኝ እንዴት አላውቅም? ሄጄ ስተኛ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ኋላ ግን፣ ልጁ የኔን ጉርሻ እየበላ፣ የኔን እጅ ይዞ ካደገ ምን ያደርገኛል አልኩ። መጀመሪያ እንዲያ ብዬ ነበር። ከዚያ እውነትም ወደድኩት። ልጄ ነው አሁን፤ አንቺም ታውቂያለሽ።"

ለሠላሳ ዓመት የሳለችው ቢላ ከነአፎቱ በሌላ ሰው እጅ የተገኘባት ያህል ሆነች። ሰውየው ደስ ብሎት አልነበረም የተናገረው፤ ያ ይበልጥ አንገበገባት።

"እንግዲያው ከወደድከው ንገረው" አለችው። "በገዛ አፍህ። አለዚያ ይህን መስኮት ከፍቼ ለእነዚያ እነግራቸዋለሁ። ያን ጭቃ በባዶ እግራቸው የረገጡ ሽማግሌዎች በመካከላቸው አሉ።"

ጌታው መስኮቱን አየ፤ በሩን አየ። "ጥሪው" አለ። ልጁ ይቅር እንደሚለው አምኖ እንደ ነበር ከድምፁ ያስታውቃል።

በመስኮቱ ጠርታው በሩን ከፈተችለት፤ ልጁ ደረጃውን ወጥቶ ገባ። ላብ አጥምቆታል፤ "አባባ፣ ተጎዳህ?" ብሎ ከፊቱ ተንበረከከ። ሽማግሌው እጁን በልጁ ራስ ላይ አድርጎ ነገረው፤ ስለ ቆዳው፣ ስለ ሰነጠቀው ካራ፣ በመርማሪዎቹ ፊት ስላፈሰሰው እንባ። ሲጨርስ ልጁ ራሱን ከእጁ ሥር አወጣ።

"ሲተኩሱበት የት ነበርክ?"

"ቢሮዬ ውስጥ። መስኮቱ ጋ።"

"አየኸው?"

"አየሁት።"

ልጁ ተነሥቶ ወደ እናቱ ዞረ። "አንቺስ ታውቂ ነበር?"

"ሳትወለድ ጀምሮ።"

"አባቴ ሌባ ነው ብዬ እንዳፈርኩ አደግሁ። ስሙ ሲነሣ አንገቴን እየደፋሁ ነው ለዛሬ የደረስኩት። አጠገቤ ቁጭ ብለሽ አየሽኝ።"

"ላንተ ብዬ ነው ልጄ። ክንድህ እስኪጠና ብዬ ነው።"

"ለኔ አይደለም እማዬ" አለና ሽርጡን ፈትቶ ጠረጴዛዋ ላይ አስቀመጠው። እጁን ለበቀል አላነሣም፤ ማንንም አልተራገመም። ደረጃውን ወርዶ በግቢው አለፈ። ወታደሮቹ በዚያች ጊዜ መጋዘኑን ሰብረው ነበር፤ የሚፈልጉትን ሽማግሌ ረስተው መሬት ላይ ተቀምጠው አዲስ ጫማ ይለካሉ፤ ግራና ቀኝ ተለዋውጦባቸው ይጣላሉ፤ አንዱ እግሩ ልክ ሆኖለት ግቢውን እየዞረ ያሳያል። ልጁ በመካከላቸው አልፎ በሩን ወጣ፤ ወደ ኋላውም አልዞረም።

ጌታው ያን ቀን አልሞተም። አዲሱ መንግሥት ፋብሪካውን ወሰደበት፤ በዕድሜው ምክንያት ግን በበር ጠባቂው ክፍል እንዲኖር ተፈቀደለት። ከጥቂት ሳምንት በኋላ ሴትዮዋ ከሥራ ስትወጣ መንገዷ ላይ ቆሞ አገኘችው። ዓይኑ ቀልቷል፤ አገጩ አልተላጨም።

"ይመለሳል ብለሽ ታስቢያለሽ?" አላት።

ሴትዮዋ ፊት ለፊት አየችውና፣ ሕይወቷን በሙሉ ለሌላ ስታስቀምጠው የኖረችውን ቃል ለእሱ ሰጠችው።

"ጠብቀው።"

ጠበቀውም። በግቢው በር ላይ ወንበር አውጥቶ፣ ዝናብም ሆነ ፀሐይ፣ በመንገዱ ብቅ ያለውን ወጣት ሁሉ አገጩን አቅንቶ እያየ ሁለት ዓመት ተቀመጠ፤ በዚያው ወንበር ላይም ሞተ። እሷ ከመስኮቷ ሆና በየቀኑ ታየው ነበር። የመጀመሪያዎቹ ወራት በልቧ ጣፍጠው አለፉ፤ በእንቅልፏም ሳይቀር የረካች ሴት ሆነች። ከዚያ ግን የግቢው በር በተንኳኳ ቁጥር ከታች ያለው ሽማግሌ ቀና ሲል፣ እሷም ላይ ሆና ከስፌቷ ቀና ማለቷን አንድ ቀን ልብ አለች።

የዚያ ጦርነት ታሪክ በኋላ ሲጻፍ ስለ ተማረከው ክፍለ ጦር ብዙ ተባለ፤ ስለ ጫማው ግን "በአንድ ቆዳ ፋቂ ክህደት" የሚል ግማሽ መስመር ብቻ ሰፈረ። ፍርዱን ያነበበው ሻለቃ ጄኔራል ሆኖ በክብር ተቀበረ፤ ፍርዱን የሻረ ማንም አልነበረም፤ የኖራ ቤቱም ፈርሶ ቦታው ላይ የሠራተኞች ምግብ አዳራሽ ተሠራበት። ስሙ ግን ተረፈ። አዋላጇ በየቤቱ እየዞረች፣ አባት የሌለው ልጅ በዚያ ስም አድጎ አለቃ ሆነ ብላ ታወራ ስለ ነበር፣ በወንዙ ዳር ሰፈሮች ወንድ ልጇን ጠብቀው የምትል እናት እየበዛች ሄደች። ሴትዮዋ አርጅታ ወስፌ መያዝ ካቃታት በኋላ አንዲት ወጣት ሰፊ ሕፃን አቅፋ መጥታ፣ "እማማ፣ ትርጉሙን እርስዎ ያውቃሉ አሉኝ" ብላ ጠየቀቻት። አሮጊቷ ሕፃኑን አየች፤ የታቀፈበትን ጨርቅ አስተካከለችለት።

"ጸሎት ነው ልጄ" አለቻት። "ጸሎት ብቻ ነው።"

ዛሬ በዚያ ከተማ በዚህ ስም የሚጠሩ አናጢዎች፣ አስተማሪዎችና ሾፌሮች አሉ፤ ሁሉም እናታቸው ለፈጣሪ አደራ እንደ ሰጠቻቸው ያምናሉ፤ ለእነሱም እውነት ነው። የመጀመሪያው ጠብቀው ግን ከዚያች ማለዳ ወዲህ የት እንደ ደረሰ፣ በሄደበትም አገር በዚሁ ስም ሲጠራ ኖሮ እንደ ሆነ ወይስ ሌላ ለራሱ አውጥቶ እንደ ሆነ፣ የሚያውቅ ሰው አልተገኘም።