አምስተኛው መጋረጃ

ይህ ነገር በእኔው በራሴ ላይ የደረሰ ነው። ማመን ያቃተው ሰው ቢኖር አልፈርድበትም፤ እኔም ሌላ ሰው ቢነግረኝ ኖሮ ስቄበት ነበር።

ሰዓቱ ከቀኑ አስር ሰዓት ነው። ፀሐዩ ገና አልበረደም። ቦታው የወንድሜ ግቢ፣ አንድ አሮጌ ሚኒባስ ውስጥ ነው።

ወንድሜ መካኒክ ነው። ታላቄ ስለሆነ ጋሼ ነው የምለው። ለዕረፍት እኔንና ልጄን ይዞን ሊዞር አስቦ ሚኒባሱን ገዛ፤ የኋላ ወንበሮቹን ነቅሎ አልጋ ገጠመበት። መጋረጃው የኔ ድርሻ ሆነ፤ ሙያዬ ስለሆነ ማን ይቀማኛል?

«የድሮዎቹን አውርጄልሻለሁ። በነሱ ልክ ቁረጪ» አለኝ።

ዘረጋኋቸው። አምስት ናቸው።

ከኋላ ያለው መስኮት ግን አራት ነው።

«ጋሼ፣ ይሄኛው የምንድን ነው?»

«እኔ ምን አውቃለሁ? አልጋው ራስጌ፣ ላሜራው ላይ ተሰቅሎ ነው ያገኘሁት። ለጌጥ ይሆናል።»

«ለላሜራ?»

«አንቺ ደግሞ ነገር ስትሰነጥቂ...» ብሎ ሳቀብኝና መፍቻውን ይዞ ወደ ሥራው ሄደ።

ዕድሜዬን ሙሉ መጋረጃ ስሰፋ ኖሬያለሁ። ፀሐይ የበላውን ጨርቅ አይቼ መስኮቱ በየት በኩል እንደነበር እናገራለሁ። አምስተኛው መጋረጃ ጀርባው ክፉኛ ነጥቷል። ላሜራ ላይ የተሰቀለ ጨርቅ በምን ፀሐይ ይነጣል?

ደግሞ መሀሉ ላይ ሁለት ቦታ ቀለሙ እንዳለ ነው...

ትንንሽ ናቸው። ጣት ጣት አላቸው።

የልጅ መዳፍ።

በጨርቁና በፀሐዩ መሀል እጅ ካልገባ እንደዚያ አይሆንም። ያውም ብዙ ጊዜ ሳይነሳ። ግን ሥራ አለብኝና ጠቅልዬ ወደ ጥግ ወረወርኩት።

ልጄን ድንቡሼ እላታለሁ። አምስት ዓመቷ ነው፤ የዓይኔ ብርሃን ናት። ያን ቀን የሜትሩን ጫፍ ይዛ ስታግዘኝ ዋለች። የግራ እጇ ትንሿ ጣት ከተወለደች ጀምሮ ቆልመም ያለች ናት። ሜትሩን እሷ ላይ እንደ መንጠቆ እያንጠለጠለች ስታስቀኝ ነበር።

አራቱን ሰፍቼ ስሰቅል አስር ሰዓት ሆነ። ጨርቁ ደማቅ ሰማያዊ ነው። ድንቡሼ አልጋው ላይ ወጥታ ተጋደመች። ከዚያ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ...

«እማ... ያኛውንስ አትሸፍኚውም?»

«የቱን?»

ራስጌዋ ያለውን ላሜራ አሳየችኝ። ድፍን ላሜራ።

«መስኮቱን። ልጅቷ እያየችኝ ነው።»

«የቷ ልጅ?»

«እዚያ ያለችው። አሁን ያንቺ ተራ ነው ትለኛለች።»

ጨዋታ መሰለኝ። ግን የዚያ ጨርቅ ነገር ትዝ አለኝና ልቤ አላረፈም።

«ቆይ፣ አሁኑኑ ሰፍቼ እመጣለሁ። እንዳትነቃነቂ እሺ?»

የስፌት መኪናዬ በረንዳው ላይ ነው። እዚያው ሆኜ የሚኒባሱን በር አየዋለሁ። ማንም አልገባም። ማንም አልወጣም።

ስመለስ ፊቷን ወደ ጣሪያው አድርጋ ሳትነቃነቅ ተጋድማለች። እጆቿ ብርድ ልብሱ ውስጥ ናቸው።

«ቶሎ ዝጊው» አለች በሹክሹክታ።

እማ አላለችኝም።

ሰቀልኩት... በገዛ እጄ። ጠርዙን ጎተት አድርጌ እስከ ዳር ድረስ ዘጋሁት።

ረጅም ትንፋሽ ተነፈሰች፤ ከከባድ ሥራ እንደተገላገለ ሰው።

አጠገቧ ጋደም እንዳልኩ እንቅልፍ ሸለብ አደረገኝ። ስነቃ ፀሐዩ አልጠለቀም። የአዲሱ መጋረጃ ጠርዝ የነጣ መሰለኝ። ገለጥ አድርጌ ጀርባውን አየሁ።

አሁን የሰፋሁት ጨርቅ... ነጥቷል። መሀሉ ላይ ሁለት ትንንሽ መዳፎች ብቻ ሰማያዊ ሆነው ቀርተዋል።

የግራው ትንሿ ጣት ቆልመም ብላለች።

«ድንቡሼ...» አልኩ።

ልጅቷ ነቃች። ግራ እጇን ከብርድ ልብሱ አውጥታ ዓይኗን አሸት አሸት አደረገች።

ትንሿ ጣቷ ቀጥ ብላለች።

ጋሼ «አጥንት እያደገ ሲሄድ ይቃናል፤ ደስ ይበልሽ እንጂ» ይለኛል። ስለምነው ጊዜ ላሜራውን ፈትቶ አሳየኝ፤ ከጀርባው ግቢው ነው። መልሶ ገጠመው። ዘመድ ሁሉ ልጅሽ እንዴት ያለች ጨዋ ሆናለች ይለኛል። እውነት ነው። የሰጠኋትን ትበላለች፣ አታለቅስም፣ አታስቸግርም። ከዚያን ቀን ወዲህ ግን እማ ብላ ጠርታኝ አታውቅም። እፈራታለሁ። ልጄ ደግሞ ትናፍቀኛለች።

ዛሬም አስር ሰዓት ሲሆን ሚኒባሱ ውስጥ ገብቼ በሩን እዘጋለሁ። መጋረጃውን ስገልጠው ላሜራ ነው። መልሼ ስዘጋው ግን... ቆየት ብሎ ሁለት ቦታ ላይ ወደ እኔ ወጣ ወጣ ይላል።

መዳፎቼን ጨርቁ ላይ እለጥፋለሁ።

ከወዲያ በኩል፣ ቀኝ መዳፌ ላይ፣ አንዲት ቆልማማ ጣት ትጫነኛለች። ትሞቃለች።