የባሕር ዛፉ ሕግ

ፊልሙ ሲያልቅ ቪዲዮ ቤቱ በጭብጨባ ተናጋ። ጫካ ውስጥ ተለቀው እርስ በርስ እንዲጋደሉ ከተፈረደባቸው ወጣቶች አንዲት ልጅ ብቻ ተረፈች። አርዋም ከአግዳሚው ሳትነሳ አጨበጨበች። እዚያ ከተቀመጡት ተማሪዎች አንድም ራሱን ከሟቾቹ የቆጠረ አልነበረም፤ ሁሉም ተራፊ ነበር።

በማግስቱ የአንድ ለአምስት ቡድናቸው መሪ ኸባብ ጨዋታውን ከትምህርት ቤቱ ጀርባ ባለው ባሕር ዛፍ ውስጥ አስጀመረ። አዳኙ እሱ ነው። መጀመሪያ የተያዘ «ሙት» ይባላል፤ ሙትን ያናገረ ራሱ ይሞታል።

መጀመሪያ የያዘው አርዋን ነበር። ሻሿን ጨምድዶ «ሌላ ካሳየሽኝ እለቅሻለሁ» አላት።

ዘሊካ የት እንደተደበቀች አርዋ ታውቃለች። የአጎቷ ልጅ ናት፤ ከገጠር አብረው መጥተው መካነ ሰላም ውስጥ አንድ ክፍል ተከራይተው ነው የሚማሩት። አርዋ በአገጯ ጠቆመች።

ዘሊካ ስትያዝ ሳቀች። ሳቋ ግን አልቆየም። ሕጉ ክፍል ድረስ ተከተላት፤ ደብተር ብትለምን የሚሰማት ጠፋ። ቡድኑ ያለ እሷ መሥራት ጀመረ። ከጎኗ የነበረችው ልጅ ወንበር ቀየረች። በሳምንቱ መጨረሻ ትኩሳት ጣላት። አርዋ ውሃ ቀድታ አጠገቧ አስቀመጠችና ወደ መኝታዋ ሄደች።

«አርዋ፣ እዚህ እኮ ማንም አያየንም» አለች ዘሊካ። «አንድ ቃል ብቻ።»

አርዋ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። ትምህርት ቤት ስትሄድ ኸባብ አስማላት፤ ወላሂ አላናገርኳትም አለች። አጨበጨቡላት። ደስ አላት።

በገበያው ቀን የዘሊካ አባት ሱሌማን አህያ እየነዳ መጣ። ልጁ ልካበት ነበር።

«አርዋ ልጄ፣ ምን አገኛት? ትምህርት በቃኝ ትላለች።»

አርዋ ናፍቆት ይሆናል አለችው። ዘሊካ ቀና ብላ አየቻትና ጓዟን ወደ ማሰር ተመለሰች።

ፍራሹን ጭነው ከወጡ ብዙም ሳይቆይ ኸባብና ጓደኞቹ አርዋን ሊጠሯት መጡ። ሁለተኛው ዙር ሊጀመር ነው፤ ሕጉም ያው ነው አሏት። አርዋ ወጥታ በሩን ከውጭ ቆለፈች። እያዩዋት ወደ ገጠራቸው በሚወስደው የአቀስታ መንገድ ታጠፈች። አጎቷን ምን እንደምትለው አላወቀችም። ከፊቷ አህያው አቧራ እያስነሳ ይሄዳል፤ ዘሊካም ከኋላው አንገቷን ደፍታ ትከተላለች።

አርዋ እርምጃዋን አፈጠነች።